በስምንተኛው ሉክ ላይ ያለው ጣት

አፉላ፣ ታኅሣሥ 9 ቀን 2011 ዓ.ም.

ይድረስ ለአክስቴ የልጅ ልጅ ለመኩሪያ፤

ሰማንያ አንድ ዓመት ሞልቶኛል። ማአሊቱ፣ ይህ ሰው የሚያወጣ የሚያወርደው ሳጥን፣ ሲበላሽ አራቱን ፎቅ በእግሬ እወጣለሁ። ጥርሴ ከሁለቱ በቀር የራሴ ነው። ልብሴን ራሴ አጥባለሁ፣ ድንቼን ራሴ እልጣለሁ፣ ከምኖርበት ሰፈር ከአፉላ ኢሊት መሀል ከተማ ድረስ በአውቶቡስ ወርጄ የምፈልገውን ገዝቼ እመለሳለሁ። ሐኪም ዘንድ ስገባ አስተርጓሚ አልፈልግም፤ የሚያመኝን ቦታ አሳየዋለሁ፣ ይገባዋል። ደብዳቤም ራሴ እጽፋለሁ። ለልጄ አስጽፌ አላውቅም። ይህን መጀመሪያ የነገርኩህ፣ ሰውዬው አርጅቷል፣ የላክንለትን ሁሉ እሺ ይላል ብላችሁ እንዳትገምቱ ነው።

ሰላምታዬን ማዘግየቴን አትቀየመኝ፤ ንዴቴ ቀደመ። እንዴት ከረማችሁ? ልጆችህ፣ ከብቱ፣ ሰብሉ እንዴት ሆነላችሁ? የአብርሃም የይስሐቅ የያዕቆብ አምላክ ከቤትህ ጤና አያጥፋ። እኔ ለአምላኬ ምስጋና ይግባውና ደኅና ነኝ።

አሁን ወደ ነገሩ። ከጎንደር የመጣችው መዓዛ ያቀበለችኝን ወረቀትህን ሦስት ጊዜ አነበብኩት። ያልከው ይህ ነው። የአገሩ ሰው የቀበሌውን ሊቀመንበር ጌዴዎንን ከሥልጣን ለማውረድ ፊርማ አሰባስቧል። አንተ ፊርማውን ከሚያጣሩት ሦስት ሰዎች አንዱ ነህ። በስምንተኛው ሉክ ላይ «አለኸኝ» የሚል ስም አለ፣ ከጎኑ የአውራ ጣት አሻራ አለ። «ጣቱ የአንቱ ነው ወይስ አይደለም? በእጅዎ ጽፈው ይላኩልን፤ በስልክ የተባለ አንቀበልም» ትላለህ።

እኔ ሳልጠይቅ አልመልስም። ይህ ወረቀት ከላዩ ምን ይላል? ጣቱ ሲነከር ጽሑፉ ነበረበት ወይስ ኋላ ነው የተጻፈበት? ማን ያዘው? በየት በኩል አለፈ? አገሬን ከለቀቅሁ ሃያ አንድ ዓመቴ ነው። አስሩን ወደ እስራኤል መግቢያ ተራዬን ስጠብቅ ጎንደር ከተማ ጨረስኩት፣ አስራ አንዱን እዚህ። በዚህ ሁሉ ዘመን ስሜን የጠራ የለም። ዛሬ ስሜ ወረቀት ላይ ጣት አብቅሎ ብቅ ሲል ዝም ብዬ «አዎ» ወይም «አይ» የምል ይመስልሃል? እዚያ አገር የቀረኝ ሾላ ምንጭ ያለው ቤቴ ብቻ ነው። ስለዚህ ስሜ የሚፈለግበት ምክንያትም አንድ ብቻ ነው።

ጥያቄዬን በየተራው መልስልኝ።

አለኸኝ


ሾላ ምንጭ ቀበሌ፣ ጥር 6 ቀን 2011 ዓ.ም.

ለተከበሩ ለአጎቴ ለአያ አለኸኝ፤

እንደምን ሰንብተዋል? እኛ ቸሩ መድኃኔዓለም ይክበር ይመስገን ደኅና ነን። ሽንብራው ዘንድሮ ጥሩ ይዟል። ከብቱ ግን ከስቷል፤ ለምን እንደ ከሳ ከታች ይረዱታል። እድሜዎን ያርዝምልን፤ እጅዎ እስከ ዛሬ እንዲህ መጻፉ ሁላችንንም ደስ አሰኝቶናል።

የጠየቁኝን የምችለውን ያህል እመልሳለሁ። ወረቀቱ ከላዩ የሚለው «የግጦሽ መሬታችንን ሳያማክረን ለድንጋይ ፈጪ አሳልፎ ስለ ሰጠ በሊቀመንበሩ ላይ እምነት አጥተናል» ነው። ጽሑፉ ከጣቱ በፊት የነበረ ነው፤ ሃያ ሰው የፈረመበት ሉክ ስለሆነ ኋላ የሚጻፍበት ቦታ የለውም። ወንዝ ዳር ያለው ሜዳ፣ አንቱ የሚያውቁት፣ ዛሬ በሽቦ ታጥሯል። መፍጫው ቀኑን ሙሉ ይጮኻል፣ አቧራው ሰብል ላይ ያርፋል። ሴቶች ከብት የሚያሰማሩት ከገደሉ ማዶ ሁለት ሰዓት ሄደው ነው።

ለማውረድ ሦስት መቶ ሰው ያስፈልጋል። ሦስት መቶ አራት ፈርሟል። ጌዴዎን ግን «የሌለ ሰው ስም አለበት» ብሎ አመለከተ፣ የጠቀሰውም የአንቱን ነው። የወረዳው መመሪያ ጥብቅ ነው። በአንድ ሉክ ላይ አንድ ስም የተሰረቀ መሆኑ ከተረጋገጠ ሉኩ በሙሉ ከነሃያ ሰዉ ይወድቃል። እኛ ሦስታችን ወንጌል ይዘን ምለናል፤ ማን እንደ ፈረመ፣ በማን ፊት እንደ ፈረመ ከሸንጎው በፊት ለማንም መናገር አንችልም፣ ለዘመድም ቢሆን። ስለዚህ ማን እንደ ሆነ አይጠይቁኝ። ቤትዎ ውስጥ ማን እንዳለ ግን አንቱም ያውቃሉ፣ እኔም አውቃለሁ። ከዚህ በላይ ብጽፍ መሐላዬን አፈርሳለሁ።

ምንይሹ ደኅና ናት። ጣሪያው በስተ ምሥራቅ በኩል ስለሚያፈስ የክረምቱን ዝናብ ወደ ጓዳ ገብታ አሳልፋዋለች። ስለ እሱም አስበው ቢመክሩን መልካም ነው።

መልስዎን እስከ የካቲት መጨረሻ እንጠብቃለን። አስተውለው ይጻፉ።

አክባሪዎ መኩሪያ


አፉላ፣ የካቲት 3 ቀን 2011 ዓ.ም.

ለመኩሪያ፤

የእስራኤል አምላክ ሰላሙን ያብዛልህ። ልጆችህን ይባርክልህ። እኔን እንዴት ነህ ብለህ አትጠይቀኝ፤ ወረቀትህ ከመጣ ወዲህ እሱኑ መላልሼ ሳነብ ነው የማድረው።

«ቤትዎ ውስጥ ማን እንዳለ ያውቃሉ» ብለህ ጽፈህልኛል። አዎ አውቃለሁ። የእህቴ ልጅ ምንይሹ ናት፤ እናቷ ስትሞት «ግቢና ጠብቂው» ብዬ ያስገባኋት። ጠብቂው ነው ያልኳት። ከዚያ ደግሞ ወረድ ብለህ ጣሪያው ያፈሳል ትለኛለህ። እኔ ሞኝ ነኝ? ስለ ሊቀመንበር የጀመረ ደብዳቤ ጣሪያ ላይ ምን ሊሠራ ወጣ?

ልጄ ኢላኒት «አባ፣ ለምንይሹ ልደውልላትና በአንድ ደቂቃ እንወቀው» አለችኝ። እንዳትነኪው አልኳት። ስልክ ላይ ማን ጆሮውን እንደሚያስቀምጥ አይታወቅም። ከዚያ መሀል ከተማ ወርጄ ዶአር፣ ፖስታ ቤቱ፣ አጠገብ ካለው አግዳሚ ላይ ከፈንታ ጋር ተቀመጥኩ። ፈንታ የጭልጋ ሰው ነው፣ የሚስቅበት አያጣም።

«ጣትህን ሰረቁህ አሉ?» አለኝ።

«ስሜን ነው።»

«ስም ደግሞ ይሰረቃል? የኔን እስካሁን የነካው የለም። የሚረባ አይደለም መሰለኝ።»

«ቤት ያለው ሰው ስም ነው የሚሰረቀው።»

«ቤትህ ያለችውን ልጅ አትጠይቃትም?»

«የምጠረጥራትን እንዴት እጠይቃለሁ?»

«የማትጠረጥረውንስ ምን ብለህ ትጠይቀዋለህ?» ብሎ ሳቀብኝ። ትቼው ተነሣሁ። አውቶቡሱም ጥሎኝ ሄደ።

ስማኝ መኩሪያ። አንተ ያኔ አልተወለድክም። በ1974 ዓ.ም. የጊዜው ሊቀመንበር ወረቀት ይዞ መጣና «የዘር ስንዴ ለሚሰጠው ሰው ነው» ብሎ አነበበልኝ። ማንበብ አልችልም፣ አመንኩት፤ አውራ ጣቴን ቀለም ነክሬ አተምኩለት። ወረቀቱ ወንዝ ዳር ያለችውን መሬቴን በፈቃዴ ለቅቄያለሁ የሚል ነበር። እሱን ያወቅሁት ሌላ ሰው ሲያርሳት አይቼ ነው። ያን ቀን ጣቴን ዳግመኛ ወረቀት ላይ አላሳርፍም ብዬ ማልኩ። ጎንደር ተራ ስጠብቅ፣ ስድሳ ዓመት ካለፈኝ በኋላ፣ ከሕፃናት ጋር ተቀምጬ ፊደል ቆጠርኩ። እዚህ አገር ስገባ ሹሙ ቀለም ያለበትን ሳጥን ወደኔ ገፋ አደረገው። መልሼ ገፋሁለትና «አለኸኝ» ብዬ ጻፍኩ። ባለቤቴ ዘቢደር፣ ነፍሷን ይማርና፣ አጠገቤ ቆማ አለቀሰች። ያቺ ሴት ከሞተች ሦስት ዓመቷ ነው። ከእናንተ አንድ ሰው እንኳ ያጽናህ አላለኝም። ይህንንም አውቃለሁ።

እንግዲህ መልሴ ይኸው። መዝገባችሁ ውስጥ አስገባው። ጣቱ የእኔ አይደለም። እኔ ጣት አልነክርም፣ እፈርማለሁ። በስሜ ላይ ጣቱን ያሳረፈ ሰው፣ ወንድም ይሁን ሴት፣ ሌባ ነው። የጻፈለትም ተባባሪ ነው። ስሜን የሰረቀ ቤቴንም ሊሰርቅ ነውና ሕግ ይያዘው።

አንተም ብትሆን ከጌዴዎን ጋር በአንድ ገበታ ሳትበላ አትቀርም። «አስተውለው ይጻፉ» የሚል ሰው የሚፈልገው መልስ አለው። እኔ የምጽፈው እውነቱን ነው።

አለኸኝ


ሾላ ምንጭ ቀበሌ፣ መጋቢት 14 ቀን 2011 ዓ.ም.

ለአያ አለኸኝ፤

ጤና ይስጥልን። ደብዳቤዎ ደርሶናል።

መጋቢት 8 ቀን በትምህርት ቤቱ አዳራሽ ሸንጎ ተቀምጦ ሕዝብ ባለበት ተነበበ። ያነበብኩት እኔ ነኝ። ስለ እኔ የጻፉትንም ሳልዘል አንብቤዋለሁ። መዝለል አይፈቀድልኝም።

«ሌባ ነው» የሚለው ላይ ስደርስ ጌዴዎን ብድግ አለ። «ባለቤቱ ከባሕር ማዶ መስክሯል፤ ከዚህ ወዲያ ምን ትፈልጋላችሁ?» አለ። የሱ ሰዎች አጨበጨቡ።

ያኔ ምንይሹ ከሴቶቹ መካከል ተነሣች። «ጣቱ የኔ ነው» አለች።

ሰብሳቢው «በሰው ስም ላይ ለምን ነከርሽ?» አላት።

«የምን የሰው ስም? የተጠራው ቤቴ ነዋ!»

የሳቁ ነበሩ። ፊርማውን በየደጁ ዞራ የሰበሰበችው አቻምየለሽ ግን አልሳቀችም። «ምን ያስቃችኋል?» ብላ ጮኸች። «እኔ ደጅ ላይ ቆሜ 'የማን ቤት ነው' እላለሁ፣ ያሉኝን እጽፋለሁ፣ 'ጣትሽን አምጪ' እላለሁ። የምንይሹ ቤት ብዬ ብጽፍ ከእናንተ ማን ያውቀዋል? የከብት ክትባት ሲመጣ 'የአለኸኝ ቤት' ብላችሁ አይደለም የምትጠሯት? የእድሩ መዝገብስ ምን ይላል?»

እውነቷን ነው። አያ፣ ሉኮቹ ላይ እንዲህ በቤት ስም የተጻፉ አርባ ሰዎች አሉ። የሞተ ባል ስም አለ፣ አዲስ አበባ የሄደ ወንድም ስም አለ። ሁሉንም ጠየቅን። ባለስሞቹ ወይም ልጆቻቸው «አዎ፣ የቤታችን ሰው ናት» እያሉ መለሱልን፣ እኛም የቤቱን ስም ሰርዘን የራሷን ጻፍንላት፣ አለፈ። መመሪያው ይህን ይፈቅዳል። ከአንቱም የጠበቅነው አንድ ቃል ነበር፤ «የቤቴ ሰው ናት»። ከአርባው «ሌባ» የሚል ቃል የመጣብን ከአፉላ ብቻ ነው።

ስምንተኛው ሉክ ወደቀ። ሃያ ሰው ተቀነሰ፣ ሁለት መቶ ሰማንያ አራት ቀረን። ጌዴዎን ወንበሩ ላይ አለ። ያንን ደብዳቤ ይዞም ምንይሹን በሐሰት ሰነድ ከሷታል፤ «ባለቤቱ ራሱ የሰረቀችኝ ናት ብሏል፣ ከቤቱ ትውጣ» ብሎም አመልክቷል። ሁለቱም ጉዳይ ግንቦት 21 ቀን በወረዳ ይታያል። ሌላ ደብዳቤ ቢጽፉ አይቀበሉም፤ አንድ ሰው ሁለት የተለያየ ቃል ከጻፈ ሁለቱም አይታመንም አሉ። የሚቀበሉት ራሱ መጥቶ የቆመን ሰው ነው።

ይምጡ ብዬ አልለምንም። ዕድሜዎን አውቃለሁ። ማሳወቅ ስላለብኝ ነው።

መኩሪያ


አፉላ፣ መጋቢት 29 ቀን 2011 ዓ.ም.

ለመኩሪያ፤

ሰላም ለአንተ ይሁን።

ደብዳቤህን ካነበብኩ ሳምንት አለፈኝ። ቀኑን ሙሉ ሰገነቱ ላይ ተቀምጬ ሸለቆውን አያለሁ፣ ባቡሩ ሲመጣ አያለሁ፣ ሲሄድ አያለሁ። ሰው ሲጠራጠር ጥሩ አያስብም አትበለኝ፤ ሲጠራጠር ነው ሰው የሚያስበው።

ያሰብኩት ይህን ነው። መጀመሪያ «አዎ ወይም አይ በል» አላችሁኝ። ቀጥሎ «አስተውለህ ጻፍ» አላችሁኝ። አሁን ደግሞ «ራስህ ና» ሆነ። በየደብዳቤው የምትፈልጉት ይለዋወጣል። እዚያ ስደርስ «እዚህች ላይ ደግሞ ፈርምልን» የሚባል ወረቀት እንደማይጠብቀኝ በምን አውቃለሁ? አንዴ ተነብቦልኝ ተታልያለሁ።

ደግሞስ መሐላህን አከበርክ፣ ደግ አደረግህ። ግን የአክስቴ የልጅ ልጅ ነህ። «ምንይሹ ናት፣ በቤቱ ስም ነው» የሚል ሁለት ቃል ብትጽፍልኝ ሰማይ ይወድቅ ነበር?

አቻምየለሽ የምትባለዋ ሴት እድሩ መዝገብ ላይ የእኔ ስም አለ ማለቷን አላምንም። ከእድሩ የወጣሁት አገር ስለቅ ነው። ሃያ አንድ ዓመት የሌለ ሰው ስም እድር ላይ አይቀመጥም። ካለ ገልብጠህ ላክልኝ። ማኅተሙ ይኑርበት። መዝገቡን ሳላይ ከዚህ ወንበር አልነሣም።

አለኸኝ


ሾላ ምንጭ ቀበሌ፣ ሚያዝያ 16 ቀን 2011 ዓ.ም.

ለአያ አለኸኝ፤

እንደምን ከረሙ? መድኃኔዓለም ጉልበትዎን ያጽና።

የእድሩ ጸሐፊ መዝገቡን ከቤቱ አላስወጣም ስላለ እዚያው ተቀምጬ ገለበጥኩት። ማኅተሙ ከግርጌ አለ። የተሰረዘ የለበትም፤ ሁሉንም ማምጣት ስላልቻልኩ ጥቂቱን መርጬያለሁ።

«የአለኸኝ ቤት፤ 1991፣ የቄሱ እናት ቀብር፣ ተገኝታለች፣ ውሃ ቀድታለች።

የአለኸኝ ቤት፤ 1995፣ የወፍጮው ባለቤት ቀብር፣ ተገኝታለች፣ ነፍሰ ጡር ስለሆነች ከሸክም ነፃ።

የአለኸኝ ቤት፤ 1995፣ የራሷ ሕፃን ቀብር፣ እድሩ ወጥቷል።

የአለኸኝ ቤት፤ 2003፣ የጌዴዎን አባት ቀብር፣ ተገኝታለች፣ ሦስት ቀን እንግዳ አሳድራለች።

የአለኸኝ ቤት፤ ሐምሌ 2008፣ የወይዘሮ ዘቢደር ልቅሶ። አስከሬን የለም፣ በባዕድ አገር ተቀብረዋል። ድንኳን በቤቱ ደጃፍ ተተክሏል። ሦስት ቀን ተቀምጠናል። እድርተኛ በሙሉ ተገኝቷል።»

የመጨረሻውን እኔም አስታውሰዋለሁ፤ ድንኳኑን ከተሸከሙት አንዱ ነበርኩ። ምንይሹ ፀጉሯን ተላጭታ ነበር። ሁለት ጊዜ ደወልንልዎት። ልጅዎ አነሣችና «አባ በስልክ አላለቅስም ብሏል» አለችን። ከዚያ በኋላ መደወሉን ፈራን። ይህን እስከ ዛሬ ያልነገርንዎ ያውቃሉ ብለን ነው።

በሃያ አንድ ዓመት ውስጥ «የአለኸኝ ቤት ቀርቷል» የሚል አንድ መስመር የለም። ጸሐፊውን «ለምን በሷ ስም አታደርገውም?» አልኩት። «ሰውዬው ሲመለስ ስሙን ቢያጣውስ?» አለኝ። ሁላችንም እንዲያ ነው ያሰብነው።

ለምንይሹ «ወደ አጎትሽ እየጻፍኩ ነው፣ የምትልኪው ቃል አለሽ?» አልኳት። «ጤናውን ጠይቅልኝ» አለች። ከብቶቿን ይዛ ወደ ገደሉ ሄደች።

ሁለት ቃል ለምን አልጻፍክልኝም ብለውኛል። ብጽፍ ኖሮ ጌዴዎን ሉኩን ብቻ ሳይሆን ሦስታችንንም ይጥል ነበር ብዬ ራሴን አጽናናለሁ። አንዳንድ ቀን አልጽናናም።

መኩሪያ


አፉላ፣ ግንቦት 8 ቀን 2011 ዓ.ም.

ይድረስ ለመኩሪያ፤

ለዘቢደር ያለቀሳችሁበትን ድንኳን የተሸከመ ትከሻህን አምላክ ያበርታው። ከዚህ የሚበልጥ ምርቃት አላውቅም።

እመጣለሁ። ግንቦት 14 ቀን ከአፉላ ጣቢያ በባቡር ወደ ሃይፋ እሄዳለሁ፣ ከዚያ ወደ አውሮፕላኑ። ይህ ደብዳቤ ዛሬ ከሚሄድ ሰው ጋር ስለሆነ ይቀድመኛል። ከጎንደር አውቶቡስ መናኸሪያ ማንም እንዳይቀበለኝ፤ መንገዱን አውቀዋለሁ።

ኢላኒት ተቆጥታለች። «አባ፣ ሐኪሙ መንገድ ከልክሎሃል» አለችኝ።

«ሐኪሙ የእህቱን ልጅ ሌባ ብሎ አስነብቦ ያውቃል?»

«አያውቅም።»

«ታዲያ ስለዚህ በሽታ ምን ያውቃል?»

«እኔም አብሬ ልምጣ።»

«የሰደብኩት ብቻዬን ነው» አልኳት። ከዚያ ያንን ስልክ ያነሣሽው አንቺ ነሽ ልላት አልኩና ተውኩት። አልደወሉም ብዬ ሦስት ዓመት ያኮረፍኩት እኔ ነኝ፤ አላነጋግርም ያልኩትም እኔው ነኝ። ፈንታ ጉዳዩን ሰምቶ ዛሬ አልሳቀም። ሻንጣውን አዋሰኝ።

አምኛችኋለሁ ማለቴ ግን እንዳይመስልህ። ጌዴዎንን ጭራሽ አላምነውም፤ አባቱ ሲሞት እንግዳውን ያሳደረችለትን ሴት የከሰሰ ሰው ነው። በወረዳው ማንም ወረቀት ቢዘረጋልኝ ሁለት ጊዜ አነበዋለሁ፣ ፀሐይ ብትጠልቅም አነበዋለሁ። የምናገረውንም አውጥቼ አውርጄ ጨርሻለሁ። አልፈረምኩም እላለሁ፣ እውነት ነውና። በዚያ ቀበሌ የምኖር ሰው አይደለሁምና ድምፅ የለኝም እላለሁ፣ ይህም እውነት ነው። ጣቱ ግን የሐሰት ጣት አይደለም። ቤቱ ውስጥ የምትኖር፣ ከብቷ የከሳባት፣ አቧራው ሰብሏ ላይ ያረፈባት ሰው ጣት ነው። ከዚያ መስመር ላይ የተሳሳተው ስሙ ነው። ስሙ የኔ ስለሆነ አንሡልኝና የሷን ጻፉበት ለማለት የምችል ከእኔ በቀር ማንም የለም። ጌዴዎን «ፊት ሌባ አላልክም ወይ?» ይለኛል። ብያለሁ እለዋለሁ። ሳላውቅ ብያለሁ፣ አውቆ የሚደግመው ካለ እሱ ነው ሌባው እለዋለሁ። ሉኩ ይነሣ አይነሣ እነሱ ያውቃሉ። እኔ ቆሜ ካልተናገርኩ ግን እንደማይነሣ አውቃለሁ።

ከወረዳው በፊትና በኋላ የምከፍለው ዕዳ አለብኝ። ገንዘብ አይደለም፣ በሰው እጅም አይላክም። ራሴ ነኝ የምከፍለው። አንተ የምታግዘኝ ስም በመጻፍ ብቻ ነው።

ስምንተኛው ሉክ ላይ ከምንይሹ ሌላ አስራ ዘጠኝ ሰዎች ነበሩ። ድምፃቸውን የጣልኩባቸው እኔ ነኝ። ስማቸውን በየቤታቸው ሳይሆን በየራሳቸው ጽፈህ ጠብቀኝ። በየደጃፋቸው እቆማለሁ። የሚሰድበኝ ካለ ይስደበኝ፣ ሰምቼ ወደሚቀጥለው እሄዳለሁ። ገደል ማዶ ከብት ይዞ የወጣ ካለ እስኪመለስ እቀመጣለሁ።

አቻምየለሽን ሳላውቃት ተባባሪ ብያታለሁ። በየትኛው ደጅ እንደ ዞረች ታሳየኝ፣ አብሬያት ዞሬ እንዳልሆነች ለየቤቱ እናገራለሁ።

አንተን ከጌዴዎን ጋር ይበላል ብያለሁ። ያን ያነበብከው በሕዝብ ፊት ነው፣ የማነሣውም በሕዝብ ፊት ነው። እዚያው አዳራሽ ሰው ሰብስብልኝ። ቤትህ ውስጥ ይቅርታ ብልህ አትቀበለኝ።

እድርተኛው ለዘቢደር ሦስት ቀን ሲቀመጥ የቤቱ ሰውዬ አልነበረም። ደጃፉ ላይ ተቀምጬ እዝናችሁን እቀበላለሁ። ዘግይቷል አትበሉኝ። እንግዳውን ራሴ አስተናግዳለሁ፣ ምንይሹ ያን ቀን ትቀመጥ።

የእድሩ ጸሐፊ መዝገቡን ያዘጋጅ። ስሜ ቢጠፋኝ ብሎ አይፍራልኝ። ራሴ በእጄ እሰርዘዋለሁ፣ ከላዩ «የምንይሹ ቤት» ብዬ እጽፋለሁ። ከ1990 ጀምሮ ነው የምለውጠው፣ የሕፃኑ ቀብር ያለበትን ገጽ ጭምር። ብዙ ገጽ ነው፣ እጄ ቀስ ይላል፣ ቀን ይስጠኝ።

የቀረችው ምንይሹ ራሷ ናት። ለእሷ ያለብኝን እዚህ አልጽፍም። የእኔ ጽሑፍ አዳራሽ ውስጥ ሲነበብ ምን እንደሚያደርግ አይቻለሁ። ለእሷ በአፌ ነው የምናገረው፣ ደጁ ላይ ቆሜ፣ ይግቡ ካለችኝ።

አለኸኝ